በአውሮፕላን ሁነታ ላይ ላለ ስልክ የተላከ መልእክት የት ይቆያል?

በምሥራቃዊው ደቡብ ጎንደር፣ ከነፋስ መውጫ እስከ ዓርብ ገበያ፣ ከወገዳ እስከ መካነ ኢየሱስ ባሉ ገበያዎች የእጅ ስልክ አገልግሎት ከመነጋገሪያነት አልፏል። የጤፍ ዋጋ የሚጠየቀው፣ የበሬ ሽያጭ ክፍያ የሚተላለፈው፣ ከአዲስ አበባ ወይም ከዓረብ ሀገር ልጆች የላኩት ገንዘብ መድረሱ የሚታወቀው በስልክ ነው። ስልኩ ዝም ሲል ግን ጥያቄ ይነሣል። መልእክቱ አልተላከም ወይስ መንገድ ላይ ቀረ? ገንዘቡስ?

ለዝምታው ምክንያት ከሚሆኑት ነገሮች አንዱ "የአውሮፕላን ሁነታ" ወይም በተለምዶ "ኤርፕሌን ሞድ" የሚባለው የስልክ ቅንብር ነው። ሲበራ በስክሪኑ አናት ላይ ትንሽ የአውሮፕላን ምስል ይታያል። ልጆች ስልኩን ሲነካኩ ወይም ስልኩ ያልተቆለፈ ሆኖ ኪስ ውስጥ ሲታሽ ባለቤቱ ሳያውቅ ሊበራ ይችላል። ብዙ ሰው ምልክቱን ስለማያስተውለው ጥፋቱን በኔትወርኩ ወይም በላኪው ላይ ያደርጋል።

ነገሩ በአጭሩ እንዲህ ነው። በአውሮፕላን ሁነታ ላይ ላለ ስልክ የተላከ የጽሑፍ መልእክት ወዲያው አይጠፋም፤ ለተወሰነ ጊዜ በቴሌኮም ድርጅቱ ማዕከል ተቀምጦ ይጠብቃል። ገንዘብ ግን በመልእክት ውስጥ አይመጣም። መልእክቱ ፈጠነም ዘገየም፣ የገንዘቡ መግባትና አለመግባት የሚረጋገጠው በሒሳብ መዝገቡ ላይ ብቻ ነው። ይህን ልዩነት ማወቅ ገበያ ላይ ከመታለልም፣ በስሕተት ሁለት ጊዜ ከመክፈልም ይጠብቃል።

ስሙ ከአውሮፕላን ጋር ለምን ተያያዘ?

ማንኛውም የእጅ ስልክ ሞገድ የሚቀበልና ሞገድ የሚልክ ራዲዮ ነው። ባለቤቱ ባይደውልበትም እንኳ በየጊዜው ከኔትወርክ ማማ ጋር በራሱ ይገናኛል። ይህን ለማስተዋል የተለየ መሣሪያ አያስፈልግም። በተከፈተ ራዲዮ አጠገብ የተቀመጠ ስልክ ሊደወልበት ወይም መልእክት ሊገባበት ሲል፣ ስልኩ ከመጮኹ በፊት ራዲዮው የሚርገፈገፍ ድምፅ የሚያሰማበት ጊዜ አለ። ያ ድምፅ የሚፈጠረው ከስልኩ የወጣው ሞገድ ወደ ራዲዮው ሲገባ ነው።

አብራሪ ከአየር በረራ መቆጣጠሪያ ጋር የሚነጋገረው በራዲዮ ነው። በመሆኑም እንዲህ ያለ ድምፅ በጆሮ ማዳመጫው እንዲገባ አይፈለግም። ሌላም ምክንያት አለ። የኔትወርክ ማማዎች የሚተከሉት መሬት ላይ ላለ ተጠቃሚ ታስቦ ነው። ከፍ ብሎ የሚበር ስልክ ግን በአንድ ጊዜ ለብዙ ማማዎች ስለሚታይ ሥራቸውን ሊያውክ ይችላል። የአሜሪካ የፌዴራል ኮሙኒኬሽን ኮሚሽን በአውሮፓውያኑ 1991 በበረራ ላይ የእጅ ስልክ መጠቀምን የከለከለው የምድሩን ኔትወርክ ከዚህ ዓይነት መታወክ ለመጠበቅ ነበር። ከዚያ ወዲህ የስልክ አምራቾች ስልኩ ሳይጠፋ የራዲዮ ክፍሉን ብቻ የሚዘጋ ምርጫ አስገቡ። ከባሕር ዳር ወደ አዲስ አበባ የሚበር ተሳፋሪ አውሮፕላኑ ከመነሣቱ በፊት ይህን ምርጫ እንዲያበራ የሚጠየቀውም በዚሁ ምክንያት ነው።

ሲበራ ምን ይዘጋል፣ ምንስ ይሠራል?

የአውሮፕላን ሁነታ ሲበራ ሲም ካርዱ የሚጠቀምበት የሞባይል ኔትወርክ ይዘጋል። ስልኩ ሁለት ሲም ካርድ የያዘ ከሆነ ሁለቱም ይዘጋሉ፤ አንዱ የኢትዮ ቴሌኮም፣ ሌላው የሳፋሪኮም ቢሆንም ልዩነት የለውም። መደወል፣ ጥሪ መቀበል፣ የጽሑፍ መልእክት መላክና መቀበል፣ የሞባይል ዳታ፣ እንዲሁም ኮከብና መሰላል እየተጫኑ የሚሠሩ አገልግሎቶች ሁሉ ይቆማሉ። ዋይፋይና ብሉቱዝም ብዙ ጊዜ አብረው ይዘጋሉ፤ ሆኖም ባለቤቱ ከፈለገ የአውሮፕላን ሁነታው እንደበራ እነዚህን ሁለቱን ለይቶ መክፈት ይችላል።

ሞገድ መላክ የማያስፈልጋቸው ሥራዎች ግን አይቋረጡም። ሰዓቱ ይቆጥራል፤ የማንቂያ ደወሉ ይጮኻል፤ መብራቱ ይበራል፤ ካሜራው ያነሣል፤ በስልኩ የተቀመጠ መዝሙርም ሆነ ዘፈን ይደመጣል። ቀደም ሲል የገቡ መልእክቶችም ይነበባሉ። በዚህ የተነሣ ስልኩ ጤነኛ ይመስላል። ባለቤቱ በስልኩ እየተጠቀመ ሳለ ለሚፈልገው ሰው ግን ስልኩ እንደ ጠፋ ይቆጠራል።

መልእክቱ የሚያድርበት ማዕከል

በዓለም የመጀመሪያው አጭር የጽሑፍ መልእክት የተላከው ኅዳር 24 ቀን 1985 ዓ.ም በእንግሊዝ ነው። በኢትዮጵያ የሞባይል ስልክ አገልግሎት በ1991 ዓ.ም በአዲስ አበባ ተጀመረ። ከዚያ ወዲህ ስልኮቹ በእጅጉ ቢለወጡም የአጭር መልእክት ጉዞ መሠረታዊ አካሄዱን አልለወጠም።

አዲስ አበባ የሚኖር ልጅ ወገዳ ላሉት አባቱ መልእክት ላከ እንበል። መልእክቱ ከልጁ ስልክ ወጥቶ በቀጥታ ወደ አባቱ ስልክ አይሄድም። መጀመሪያ የሚደርሰው የቴሌኮም ድርጅቱ የመልእክት ማዕከል ነው። ማዕከሉ መልእክቱን መዝግቦ ካስቀመጠ በኋላ የደንበኞችን መዝገብ ይጠይቃል፤ ይህ ቁጥር አሁን ክፍት ነው? በየትኛው አካባቢ ባለ ማማ ሥር ይገኛል? መልሱ "ክፍት ነው፣ ወገዳ አካባቢ ነው" ከሆነ መልእክቱ በጥቂት ሰከንዶች ውስጥ ይደርሳል።

የአባትየው ስልክ በአውሮፕላን ሁነታ ላይ ከሆነ መልሱ ሌላ ነው። ስልኩ ሁነታው ሲበራም ሆነ በወጉ ሲጠፋ ለኔትወርኩ አጭር የስንብት ምልክት ይልካል፤ ኔትወርኩም "ይህ ደንበኛ አሁን የለም" ብሎ ይመዘግባል። በዚህ ጊዜ ማዕከሉ መልእክቱን ይዞ ይቆያል፤ በመዝገቡም ላይ ለዚህ ደንበኛ የሚጠብቅ መልእክት እንዳለ የሚያሳይ ምልክት ይደረጋል። የአውሮፕላን ሁነታው ጠፍቶ ስልኩ እንደገና ከማማው ጋር ሲገናኝ፣ መዝገቡ ደንበኛው መመለሱን ለማዕከሉ ያሳውቃል፤ ማዕከሉም ያቆየውን ይልካል። ስልክ በተከፈተ ከአፍታ በኋላ መልእክቶች ተከታትለው የሚገቡት በዚህ አሠራር ነው።

የሚከማቹት መልእክቶች በተላኩበት ቅደም ተከተል ላይደርሱ ይችላሉ። የማክሰኞው ከሰኞው ቀድሞ ሊገባ ይችላል። አንዳንድ ስልኮች ደግሞ ከመልእክቱ አጠገብ የሚያሳዩት የተላከበትን ሳይሆን የገባበትን ሰዓት ነው። ስለዚህ ከሁለት ቀን በፊት የተላከ መልእክት ዛሬ የተላከ መስሎ ሊነበብ ይችላል።

ጥበቃው የጊዜ ገደብ አለው። ዓለም አቀፉ የአሠራር ደረጃ አንድ መልእክት እስከ 63 ሳምንታት እንዲቆይ ይፈቅዳል። በተግባር ግን ድርጅቶች በአብዛኛው የሚያቆዩት ለቀናት ነው። ላኪው ድርጅት ራሱ ከዚያ ያጠረ ጊዜ ሊወስን ይችላል። ጊዜው ካለፈ መልእክቱ ከማዕከሉ ይሰረዛል፤ ስልኩ በኋላ ቢከፈትም አይመጣም። ስልክ ለአንድ ሌሊት ቢዘጋ የጽሑፍ መልእክት የመጥፋት ሥጋቱ አነስተኛ ነው፤ ለሳምንት ቢዘጋ ግን የተላከው ሁሉ ይደርሳል ብሎ መተማመን አይቻልም።

የአውሮፕላን ሁነታው ጠፍቶም መልእክት የማይገባበት ሌላ ምክንያት አለ። በአሮጌ ባለ ቁልፍ ስልኮች የመልእክት ማስቀመጫው ጠባብ ነው። ሲሞላ ስልኩ አዲስ መልእክት አይቀበልም፤ የተላከውም እንደገና በማዕከሉ ይቆያል። የቆዩ መልእክቶች ሲሰረዙ አዲሶቹ መግባት ይጀምራሉ።

የማይጠብቁ ነገሮች

እንደ ጽሑፍ መልእክት ተቀምጦ የማይጠብቀው ቀዳሚው ነገር የስልክ ጥሪ ነው። ስልኩ ዝግ በሆነበት ጊዜ የተደወለ ጥሪ በዚያው ይቀራል። ያመለጡ ጥሪዎችን በመልእክት የሚያሳውቅ አገልግሎት ካልተከፈተ በቀር፣ የስልኩ ባለቤት ማን እንደ ደወለ አያውቅም። ደዋዩ የሚሰማው ስልኩ ዝግ መሆኑን ወይም ከአገልግሎት ክልል ውጭ መሆኑን የሚገልጽ ድምፅ ነው። ስልኩ ጠፍቶ ይሁን፣ ባትሪው አልቆ ይሁን ወይም በአውሮፕላን ሁነታ ላይ ሆኖ፣ ደዋዩ ለይቶ ማወቅ አይችልም።

ይህ በቀላሉ የማይታይበት ጊዜ አለ። ነፍሰ ጡር ያለችበት ቤት አምቡላንስ ከጠራ በኋላ ሾፌሩ መንገዱን ለመጠየቅ መልሶ ሊደውል ይችላል። ታማሚ ወደ ደብረ ታቦር ወይም ወደ ባሕር ዳር ሆስፒታል የላከ ቤተሰብም እንዲሁ ጥሪ ይጠብቃል። በእንዲህ ያለ ጊዜ ባትሪ ለመቆጠብ ተብሎ የአውሮፕላን ሁነታን ማብራት ጉዳት ያስከትላል፤ ያመለጠው ጥሪ ተመልሶ አይመጣምና።

ሁለተኛው በኮከብና በመሰላል የሚሠራው አገልግሎት ነው። ቴሌብርን በ*127#፣ ሲቢኢ ብርን በ*847#፣ የኢትዮጵያ ንግድ ባንክን የሞባይል አገልግሎት በ*889# ለመጠቀም ስልኩ በዚያው ቅጽበት ከኔትወርክ ጋር መገናኘት አለበት። ይህ አገልግሎት ፊት ለፊት እንደሚደረግ ንግግር ነው፤ አንዱ ወገን ከሌለ ንግግሩ ይቋረጣል እንጂ ለኋላ አይቀመጥም።

ሦስተኛው የማረጋገጫ ኮድ ነው። ባንኮችና መተግበሪያዎች የሚልኩት ባለ ጥቂት አኃዝ ኮድ እንደ ማንኛውም የጽሑፍ መልእክት በማዕከሉ ሊጠብቅ ይችላል። የሚያገለግለው ግን ለጥቂት ደቂቃዎች ብቻ ነው። ስልኩ ዘግይቶ ተከፍቶ ኮዱ ቢገባ፣ ቀነ ገደቡ እንዳለፈበት ወረቀት ነው። መፍትሔው የአውሮፕላን ሁነታውን አጥፍቶ አዲስ ኮድ መጠየቅ ነው። ባለቤቱ ራሱ ያልጠየቀው ኮድ ስልኩ ሲከፈት ከገባ ደግሞ፣ ሌላ ሰው ወደ ሒሳቡ ለመግባት እየሞከረ ሊሆን ስለሚችል ኮዱ ለማንም ሊነገር አይገባም።

ቴሌግራም ገብቶ የባንክ መልእክት ሲቀር

በከተሞች የሚያደናግር ሌላ ሁኔታ አለ። አንድ የነፋስ መውጫ ወይም የመካነ ኢየሱስ ነዋሪ በሆቴል ወይም በመሥሪያ ቤት ዋይፋይ እየተጠቀመ ነው እንበል። የአውሮፕላን ሁነታው በርቷል፤ ዋይፋዩ ግን ተለይቶ ተከፍቷል። ቴሌግራም ይሠራል፤ ዋትስአፕም ይሠራል፤ በኢሞ ከዓረብ ሀገር የተደወለ ጥሪም ይገባል። የባንክ መልእክት ግን አይመጣም፤ በመደበኛ ቁጥሩ የሚደውልለት ሰውም አያገኘውም።

ምክንያቱ ሁለቱ በተለያየ መንገድ መምጣታቸው ነው። የጽሑፍ መልእክትና መደበኛ ጥሪ የሚጓዙት በሲም ካርዱ በኩል ነው። የቴሌግራምና የዋትስአፕ መልእክት በማንኛውም የኢንተርኔት መስመር ይጓዛል፤ የሚጠብቅበት ቦታም የተለየ ነው። የቴሌግራም መልእክት በድርጅቱ ቋት ተቀምጦ ስለሚቆይ ስልኩ ከቀናት በኋላ ቢከፈትም ይገኛል። ዋትስአፕ ደግሞ ያልደረሰ መልእክትን እስከ 30 ቀናት ያቆያል።

በመልእክቱ ጎን የሚታየው ትንሽ የ"ልክ" ምልክትም በሁለቱ መተግበሪያዎች ትርጉሙ አንድ አይደለም። በዋትስአፕ አንድ ምልክት መልእክቱ ከላኪው ወጥቶ ወደ ድርጅቱ መድረሱን፣ ሁለት ምልክት ወደ ተቀባዩ ስልክ መድረሱን ያሳያል። በቴሌግራም አንድ ምልክት ወደ ድርጅቱ መድረሱን፣ ሁለት ምልክት መነበቡን ይናገራል። ስለዚህ በዋትስአፕ አንድ ምልክት ብቻ ለረጅም ጊዜ ከታየ፣ ተቀባዩ መልስ ነፍጎ ሳይሆን ስልኩ ከኢንተርኔት ርቆ ሊሆን ይችላል። በዚህ ምክንያት ብቻ መቀያየም አይገባም።

መልእክቱ ወሬ ነጋሪ ነው፤ ገንዘቡ ግን በመዝገብ ላይ ነው

ቴሌብር ግንቦት 3 ቀን 2013 ዓ.ም ሥራ ከጀመረ ወዲህ፣ ኤምፔሳም በ2015 ዓ.ም ከተጨመረ በኋላ፣ ጥሬ ገንዘብ ሳይቆጠር መሸጥና መግዛት በገጠር ገበያም እየተለመደ መጥቷል። በዚህ ልማድ ውስጥ ብዙ ሰው የክፍያ ማረጋገጫ አድርጎ የሚወስደው ስልኩ ላይ የሚገባውን መልእክት ነው። ችግሩም የሚጀምረው ከዚህ ነው።

ገንዘብ በስልክ ሲላክ የሚለወጠው በድርጅቱ ዋና መዝገብ ላይ ያለው የሁለት ሰዎች ሒሳብ ነው። ከላኪው ይቀነሳል፣ በተቀባዩ ላይ ይደመራል። ይህ ሲሆን የተቀባዩ ስልክ ክፍት መሆን የለበትም። ስልኩ ቢጠፋ፣ በአውሮፕላን ሁነታ ላይ ቢሆን፣ ከነጭራሹ ቢሰበር እንኳ ገንዘቡ በሒሳቡ ይገባል። መልእክቱ ይህ ከሆነ በኋላ የሚላክ ወሬ ነጋሪ ነው። ወሬ ነጋሪ ሊዘገይ ይችላል፤ አንዳንዴም ወሬው ሐሰት ሊሆን ይችላል።

መጀመሪያ የመዘግየቱን ነገር እንመልከት። አንድ ነጋዴ ለገዛው ጤፍ ገንዘቡን ለአርሶ አደሩ ላከ፤ በነጋዴው ስልክ ላይ መላኩ ታየ፤ የአርሶ አደሩ ስልክ ግን ዝም አለ። አርሶ አደሩ "አልገባልኝም" ይላል፤ ነጋዴው "ልኬያለሁ" ይላል። ሁለቱም እውነታቸውን ሊሆን ይችላል። ነጋዴው ተጨንቆ ሁለተኛ ጊዜ ቢልክ ሁለቱም ክፍያዎች ይገባሉ፤ የአርሶ አደሩ ስልክ ሲከፈትም ሁለት መልእክት ይመጣል። "የቸኮለች አፍስሳ ለቀመች" እንዲሉ፣ የተላከን ገንዘብ ማስመለስ ደግሞ የሁለቱንም ፈቃደኝነትና ጊዜ ይጠይቃል።

ሁለተኛው የሐሰት ወሬ ነው። አታላይ ሰው የቴሌብርን ወይም የባንክን አጻጻፍ አስመስሎ ከራሱ ስልክ "ይህን ያህል ብር ገብቶልዎታል" የሚል መልእክት ሊልክ ይችላል። ወይም መላኩን የሚያሳይ የተቀነባበረ ምስል በራሱ ስልክ ላይ ያሳያል። ሻጩ መልእክቱ እንዳልመጣ ሲናገር "ኔትወርክ ነው፣ ቆይቶ ይገባል" ብሎ እህሉን ጭኖ ይሄዳል። መልእክት ሊዘገይ የሚችል መሆኑ እውነት ስለሆነ ውሸቱ ተአማኒ ይመስላል።

ለሁለቱም ችግሮች መፍትሔው አንድ ነው፤ ሒሳብን ማየት። ሻጩ በመጀመሪያ በስክሪኑ አናት ላይ የአውሮፕላን ምልክት አለመኖሩን ያረጋግጣል። ቀጥሎ *127# ወይም የሚጠቀምበትን ባንክ ቁጥር ደውሎ ቀሪ ሒሳቡን ይመለከታል። ለዚህ ኢንተርኔት አያስፈልግም፤ በባለ ቁልፍ ስልክም ይሠራል። ሒሳቡ ከጨመረ መልእክቱ ባይመጣም ክፍያው ተፈጽሟል። ሒሳቡ ካልጨመረ መልእክቱ ቢመጣም ክፍያው አልተፈጸመም። ኔትወርክ ከጠፋና ሒሳቡን ማየት ካልተቻለ እህሉ ከሚዛን ሳይነሣ መጠበቅ ወይም በጥሬ ገንዘብ መገበያየት ይሻላል። ገዢው እውነተኛ ከሆነ መጠበቁ አይከፋውም።

የምስጢር ቁጥርን ማስገባት የማይችል ወይም ማንበብ የሚቸግረው ሰው ሒሳቡን የሚያይለት የታመነ የቤተሰብ አባል ቢሆን ይመረጣል። ገዢው ራሱ "አምጣው ልይልህ" ብሎ ስልኩን ቢቀበልና የምስጢር ቁጥሩን ቢጠይቅ ግን መስጠት አይገባም። ጥርጣሬ ሲያጋጥም የኢትዮ ቴሌኮም ደንበኞች በ994፣ የቴሌብር ተጠቃሚዎች በ127፣ የኢትዮጵያ ንግድ ባንክ ደንበኞች በ951 ደውለው መጠየቅ ይችላሉ።

ቆላና ደጋ፤ ሁነታው የሚጠቅምበት ቦታ

የአውሮፕላን ሁነታ ጉዳት ብቻ ያለው አይደለም። በዚህ አካባቢ መልክዓ ምድር በአግባቡ ቢሠራበት ጥሩ ረዳት ነው። ጋይንትንና እስቴን የሚያዋስነው የጉና ተራራ ከባሕር ጠለል በላይ ከ4 ሺህ 100 ሜትር በላይ ከፍታ አለው። የስማዳ ምድር ደግሞ ወደ ዓባይና ወደ በሽሎ ሸለቆዎች እየወረደ ይሄዳል። የስልክ ሞገድ በአብዛኛው ቀጥ ብሎ የሚጓዝ በመሆኑ ተራራ ይጋርደዋል፤ ገደል ሥር ያለ ሰው ማማው በቅርብ ርቀት ቢኖርም ኔትወርክ ላያገኝ ይችላል።

በእንዲህ ያለ ቦታ ስልኩ ክፍት ሆኖ ሲቆይ ያጣውን ማማ ደጋግሞ ይፈልጋል፤ ለዚህም ብዙ ኃይል ይጠቀማል። ቆላ የወረደ አርሶ አደር ስልኩ ሳይደወልበት ባትሪው የሚያልቅበት አንዱ ምክንያት ይህ ነው። መብራት በሌለበት ቀበሌ ስልክ ለማስሞላት ወደ ከተማ መሄድ ግድ ለሚለው ሰው፣ ኔትወርክ እንደሌለ በሚያውቀው ቦታ የአውሮፕላን ሁነታን ማብራት ባትሪውን ይቆጥብለታል። ከዚያ ቦታ ጥሪም መልእክትም ቀድሞውኑ ስለማይገባ የሚያጣው ነገር የለም። ዳገቱን ወጥቶ ኔትወርክ ያለበት ሲደርስ ግን ማጥፋቱን መርሳት የለበትም፤ ረስቶት ቤቱ ከገባ ስልኩ ማማው ሥር ሆኖም ዝም እንዳለ ይቀራል።

በመልእክት ማዕከሉ ዘንድም በሁለቱ መካከል ትንሽ ልዩነት አለ። የአውሮፕላን ሁነታው የበራበት ስልክ ተሰናብቶ የወጣ ነው፤ መዝገቡ አለመኖሩን ወዲያው ያውቃል። ድንገት ሸለቆ የገባ ወይም ባትሪው ተነቅሎ የጠፋ ስልክ ግን ሳይሰናበት የጠፋ ነው። ኔትወርኩ ለጊዜው እንዳለ ስለሚቆጥረው ይጠራዋል፤ መልስ ሲያጣ ነው አለመኖሩን የሚረዳው። በሁለቱም መንገድ ግን የጽሑፍ መልእክቱ በማዕከሉ ይጠብቃል።

መልእክት የሚልኩ ወገኖች ምን ይጠንቀቁ?

መልእክት ሊዘገይ እንደሚችል ካወቁ የላኪዎች አጻጻፍም መስተካከል አለበት። የቀበሌ ስብሰባ፣ የማዳበሪያ ሥርጭት፣ የክትባት ቀን፣ የዕድር ጥሪ በአጭር መልእክት ሲነገር "ነገ ጠዋት ኑ" የሚል ቃል አደጋ አለው። መልእክቱ ከሁለት ቀን በኋላ የገባለት ሰው "ነገ" የትኛው ቀን እንደሆነ አያውቅም። "ጥቅምት 12 ቀን፣ በሚካኤል ዕለት፣ ከጠዋቱ 3 ሰዓት" ተብሎ ቢጻፍ ግን ዘግይቶ የደረሰውም ሰው ቀኑ ያለፈ መሆኑንና አለመሆኑን ይረዳል።

ርዝመትም ግምት ውስጥ መግባት አለበት። አንድ አጭር መልእክት በላቲን ፊደል እስከ 160 ሆሄያት ይይዛል፤ በግእዝ ፊደል ሲጻፍ ግን የሚይዘው 70 ብቻ ነው። ከዚያ የረዘመው ወደ ክፍሎች ተከፋፍሎ ይጓዝና በተቀባዩ ስልክ ላይ እንደገና ይገጣጠማል። ከክፍሎቹ አንዱ ቢዘገይ መልእክቱ ሳይታይ ሊቆይ ወይም ተቆርጦ ሊታይ ይችላል። ቀኑ፣ ሰዓቱና ቦታው ከሰላምታው ቀድሞ በአጭሩ ቢጻፍ ይመረጣል።

አስቸኳይ ጉዳይን በአጭር መልእክት ብቻ ልኮ መቀመጥም አይበቃም። በ2006 ዓ.ም በግብርና ትራንስፎርሜሽን ኤጀንሲ የተጀመረው የ8028 የአርሶ አደሮች የስልክ መስመር አርሶ አደሩ ደውሎ የግብርና ምክር የሚያገኝበት ነው፤ ለተመዘገቡ አርሶ አደሮችም ማስጠንቀቂያ ይልካል። እንደ ስንዴ ዋግ ያለ በሽታ በፍጥነት ስለሚዛመት ማስጠንቀቂያው ለቀናት ተዘግቶ በቆየ ስልክ ላይ ዘግይቶ ቢገባ ጥቅሙ ይቀንሳል። አርሶ አደሩ ስልኩ ዘግቶ ከቆየ በኋላ ራሱ ወደ 8028 መደወሉ ወይም የቀበሌውን የግብርና ባለሙያ መጠየቁ ክፍተቱን ይሞላል። በጎረቤት መካከል ያለው የአፍ ለአፍ መነጋገርም ዛሬም ዋጋው አልቀነሰም።

ስልክ ዝም ሲል በቅደም ተከተል የሚታዩ ነገሮች

የሚጠበቅ መልእክት ሲዘገይ መጀመሪያ መታየት ያለበት የስክሪኑ አናት ነው። የአውሮፕላን ምልክት ካለ በዘመናዊ ስልክ ስክሪኑን ከላይ ወደ ታች ጎትቶ ምልክቱን በመንካት ይጠፋል፤ በብዙ ባለ ቁልፍ ስልኮች ደግሞ ከቅንብር ዝርዝር ውስጥ ይገኛል። ከጠፋ በኋላ ስልኩ ከማማው ጋር እስኪገናኝ አንድ ሁለት ደቂቃ መታገሥ ያስፈልጋል።

ምልክቱ ከሌለና ኔትወርክ ካለ የመልእክት ማስቀመጫው መሙላቱ ይታይ። ይህም ካልሆነ የአውሮፕላን ሁነታውን ለጥቂት ሰከንዶች አብርቶ መልሶ ማጥፋት ይጠቅማል። ይህን ማድረግ ስልኩ በኔትወርኩ ላይ እንደ አዲስ እንዲመዘገብ ስለሚያደርገው፣ በማዕከሉ ተይዞ የቆየ መልእክት ካለ እንዲላክ ምክንያት ይሆናል። ዝምታን የሚያመጣው ቁልፍ በዚህ ጊዜ ዝምታን ለመስበር ያገለግላል።

ጉዳዩ የገንዘብ ከሆነ ግን መልእክቱን መጠበቅ አያስፈልግም። ሒሳቡን ማየት በቂ ነው። መልእክቱ በራሱ ጊዜ ይመጣል፤ ባይመጣም በሒሳብ የገባ ገንዘብ የትም አይሄድም።